የሊቀ መኳሱ ካፖርት

ከብት ደም ሲሸተው ያጓራል። በጂንካ መሃል በተንጣለለው የአውሮፕላን ሜዳ ላይ ሣር የሚግጡት ከብቶች ያን ማክሰኞ አመሻሽ ዝናብ እየወረደባቸው፣ ክብ ሠርተው መሬቱን በኮቴያቸው እየጫሩ ሲያጓሩ፣ በአካባቢው ያለው ሰው ጅብ መጣ ብሎ በሩን ዘጋ። የጂንካ ሰው ደግ ነው፤ ግን ደጅ የሚጮኸውን ነገር ወጥቶ ከሚያይ በማግስቱ ሲወራ መስማት ይመርጣል።

ወጥተው ያዩት ቤታቸው ከሜዳው ጠርዝ ላይ ያለው ጡረተኛው የታሪክ አስተማሪ፣ ጋሽ ሸዋንግዛው ብቻ ነበሩ። ከብቱን በከዘራ እየገፉ ወደ መሃል ሲዘልቁ አንድ ሰው በጀርባው ወድቋል፤ ሌላው አጠገቡ ተንበርክኮ ሁለት እጁ በደም ርሷል። ጋሽ ሸዋንግዛው ከዘራቸውን ጥለው ጮኹ።

«ኡኡ! የሰው ያለህ! ሊቀ መኳሱን ገደሉት!»

ይህን ጩኸት የሰማ እንግዳ ሰው ግራ ይገባው ነበር። ጂንካ ውስጥ ግን ማን ነው ብሎ የጠየቀ የለም። ሊቀ መኳስ ማለት የትልቁ ነጋዴ የአቶ ውቤ የሱቅ ሠራተኛ ሙሉቀን ነው። ከጥቂት ሳምንታት ወዲህ አቶ ውቤ ጠላት ተነሥቶብኛል፣ ሲመሽ ግቢዬ በድንጋይ ይደበደባል፣ ሰው ይከተለኛል እያሉ ነበር። ስለዚህ ሱቁ ሲዘጋ ሙሉቀን የጌታውን ክሬም ካፖርትና ባርኔጣ ለብሶ፣ ሜዳውን በአቋራጭ አቋርጦ ወደ አቶ ውቤ ቤት ይሄዳል። አቶ ውቤ ደግሞ የሙሉቀንን ሰማያዊ የሱቅ ጋዋን ደርበው በገበያው መንገድ ዞረው ይገባሉ። ቤት ሲደርሱ ልብሳቸውን ይለዋወጣሉ። ይህን ያዩት ጋሽ ሸዋንግዛው፣ ድሮ በጦርነት ቀን የንጉሡን ልብስ ለብሶ ጦርና ጥይት በንጉሡ ፈንታ ይቀበል በነበረው ሹም ስም ሙሉቀንን ጠሩት። ስሙም ተጣበቀበት።

ተንበርክኮ የተገኘው ዕዝራ የሚባል የባጃጅ ሹፌር ነው። አቶ ውቤን ከጂንካ ወጣ ብላ ባለችው ከተማ፣ በቀይ አፈር ገበያ፣ በሰው ፊት፣ «የእህቴ ደም ይፈልግሃል» ብሎ ዝቶባቸዋል። የፖሊስ አዛዡ ኮማንደር ይህን ሲሰማ ነገሩ ገና ሳይጀመር አለቀለት፤ ዕዝራ ውቤን ሊገድል መጥቶ፣ ካፖርቱን አይቶ፣ በስህተት ሙሉቀንን ገደለ። በቃ።

ዋና ኢንስፔክተር ፈቲያ ግን «በቃ» የሚባል ቃል አትወድም። ከደሴ ተመድባ ጂንካ ከመጣች ጀምሮ የምትታወቀው በአንድ ነገር ነው፤ ሰው የወደቀበት ቦታ ስትደርስ መጀመሪያ ሟቹ ቆሞ በነበረበት ራሷ ትቆማለች። ያን ዕለትም በዝናቡ ውስጥ ቆመች።

«ጎሳዬ፣ ባትሪውን ወደዚህ አብራው» አለችው ረዳቷን ኮንስታብል።

ሙሉቀን ግንባሩን በብረት ነገር ተመቷል፤ ከፊት ለፊት፣ አንዴ ብቻ። የካፖርቱ ግራ እጅጌ ክንዱ ላይ ነው። ቀኙ ግን ወልቆ ከጎኑ ጭቃው ላይ ተዘርግቷል። የካፖርቱ ቁልፎች ሁሉ ተፈተዋል፣ አንዱም አልተበጠሰም። ባርኔጣው ግራ ብብቱ ስር ተሸጉጦ፣ ሬሳው እንደተጫነው ነው።

«ገዳዩ ሊገፍፈው ሲታገል ነዋ» አለ ጎሳዬ።

«የሚታገል ሰው ባርኔጣውን ብብቱ ስር ይሸጉጣል?»

ፈቲያ የራሷን የዝናብ ልብስ ግማሹን አውልቃ ትንሽ ቆመች፤ ውሃው ወዲያው ትከሻዋን አራሰው። መልሳ ለበሰችና መርዶውን ለሙሉቀን ሚስትና ለአቶ ውቤ እንዲነግር ጎሳዬን ላከችው።

ሲመለስ አንድ ዓይኑን እያሸ ነበር። «የጋሽ ውቤ ዋና በር ተዘግቶ በጓሮ በኩል፣ በኩሽና ነው ያስገቡኝ። እሳት ዳር ከተሰጣ ልብስ ስር ሳልፍ ውሃው ዓይኔ ውስጥ ጠብ አለ፤ ይኸው እስካሁን እንደ በርበሬ ያቃጥለኛል! እንባዬ ሲወርድ ጋሽ ውቤ የማለቅስ መሰላቸው፤ አፌን ሳልከፍት 'ምነው፣ ምን ሆነ?' ብለው ያዙኝ። እኔም እንደዚያው እያነባሁ ነገርኳቸው።»

«ሚስቱስ?»

ጎሳዬ ዓይኑን ማሸቱን ተወ። «አስካል አላለቀሰችም። 'ማን ገደለው?' አለችኝ። 'ጋሽ ውቤ መስሎት ነው' አልኳት። በሩን ዘጋችብኝ።»

በማግስቱ ጠዋት ሰማዩ አልጠራም። ኮማንደሩ ከወንበሩ ሳይነሣ ተናገረ። «ነገ ሐሙስ ነው፣ የቀይ አፈር ገበያ። የዕዝራ ዘመዶች በሙሉ እዚያ ይወርዳሉ። ነጋዴው ደግሞ ልጁን ካልከሰሳችሁት ሱቃችንን እንዘጋለን እያለ ነው። በአንድ ወገን ዱላ፣ በአንድ ወገን ቁጣ። ነገ ጠዋት ልጁን ፍርድ ቤት አቅርቤ በግድያ አስከስሰዋለሁ። እስከዚያ የምትሠሪው ካለ ሥሪ።»

ፈቲያ ወደ ማረፊያ ቤቱ ወረደች። ዕዝራ ግድግዳ ተደግፎ ተቀምጧል፤ ደሙን ያጠበለት ሰው ስላልነበረ እጁ ላይ ደርቋል።

«እኔ አልገደልኩም» አለ ሳትጠይቀው። «ውቤን እጠላዋለሁ። አልዋሽም። ባለፈው ዓመት እህቴ ጸሎት ማር ተሸክማ ወደ ቀይ አፈር ስትሄድ ጎህ ሲቀድ መኪና ገጭቷት ጥሏት ሄደ። የውቤ ጭነት መኪና ነው ያለፈው ብለውኛል። ጠየቅሁት፣ ካደኝ። ግን እኔ ሰው መግደል አልፈልግም። የገደላት ሰው ሽማግሌ ፊት ቆሞ 'እኔ ነኝ' እንዲል ነው የምፈልገው። እናቴ እሱን ሳትሰማ እንዳትሞት ነው።»

«ማታ ሜዳው ላይ ምን ትሠራ ነበር?»

«ሙሉቀን ነው የጠራኝ። ቀን ላይ ባጃጅ ማቆሚያው መጣ። 'ስለ ጸሎት የምነግርህ አለ፤ ሲመሽ ሜዳው ላይ ጠብቀኝ' አለኝ። ስደርስ ወድቋል። ይተነፍስ መስሎኝ ያዝኩት።»

«ማን ሰማ ሲጠራህ?»

«ማንም።»

«ካፖርቱን ስታይ ውቤ አልመሰለህም?»

ዕዝራ በመገረም አያት። «ውቤ? በዚያ ሰዓት በዚያ ሜዳ የሚያልፈው ሊቀ መኳስ ነው። ሕፃን ልጅ እንኳ ያውቃል።»

ፈቲያ ጎሳዬን ውሃ አስመጥታ የዕዝራን እጅ አስታጠበችው።

ጋሽ ሸዋንግዛው በረንዳቸው ላይ ጋቢ ተከናንበው ሜዳውን ያያሉ። እንቅልፍ እንዳላዩ ፊታቸው ይናገራል። ስለ ቃሉ ስትጠይቃቸው ግን፣ የአስተማሪ ነገር፣ ድምፃቸው ተነሣ።

«የጠፋ ቃል ነው፣ ልጄ። ሊቀ መኳስ ከንጉሡ ጎን የማይለይ ሹም ነው። ጦርነት ሲሆን እንደ ንጉሡ ለብሶ፣ እንደ ንጉሡ ተሸልሞ በበቅሎ ይሰለፋል። ጠላት ያንን ሲያሳድድ ንጉሡ ይተርፋል። እንዲህ ይባላል። አንዳንዱ ደግሞ ሥራው የንጉሡን በቅሎ መጠበቅ ነበር ይላል፤ ሊቃውንቱ አልተስማሙም። ኋላ ላይ ጦርነቱም ልብሱም ቀርቶ የክብር ስም ብቻ ሆነ። ከዚያም ስሙ ራሱ ጠፋ።»

«እርስዎ ጂንካ ላይ አስነሡት።»

«ለጨዋታ ብዬ ነው!» አሉ፤ ድምፃቸው ተሰበረ። «ሲያልፍ አይቼው 'ሊቀ መኳስ!' ብዬ ጠራሁት። ልጆቹ ሰሙ። በሳምንቱ ከተማው በሙሉ፣ አማርኛ በቅጡ የማይችለው ሳይቀር፣ ሊቀ መኳስ ሊቀ መኳስ አለ። እሱም እጁን ያነሣልኝ ነበር።»

«በድሮው ጦርነት ጠላት የለበሰው ማን እንደሆነ ካወቀስ?»

«ካወቀማ ምኑን ሊቀ መኳስ ሆነ! የሚሠራው ከሩቅ ነው፣ ለማያውቅ ዓይን።»

ፈቲያ ልትነሣ ብላ ተመልሳ ተቀመጠች። «ጋሽዬ፣ ሊቀ መኳሱ ሲሞት ማን ያለቅስለት ነበር?»

ሽማግሌው አስተማሪ ጋቢያቸውን ሰበሰቡ። «እሱን እንኳ... የሚጻፈው ንጉሡ መትረፉ ነው።»

ከዚያ ወደ አቶ ውቤ ቤት ስትሄድ መንገዷ በሱቁ በኩል ነበር። ሱቁ ተዘግቷል። የወትሮው ትልቅ የብረት መቀርቀሪያ የለም፤ በሩ ላይ የተጋደመው የባሕር ዛፍ እንጨት ነው። ፈቲያ እንጨቱን በጣቷ ነካ አድርጋ አለፈች።

የአቶ ውቤ ግቢ ሠርግ ቤት ይመስላል። በግ ታርዷል። ነጋዴዎች በየተራ እየገቡ «እንኳን አተረፈህ፣ እንኳን ከአውሬ አፍ አወጣህ» ይላሉ። አቶ ውቤ ሙሉ ሰው ናቸው፤ ሽበታቸው ያማረ፣ ንግግራቸው የተመጠነ። ፈቲያን እጇን ይዘው ከሰው ለይተው አስቀመጧት።

«ልጄ ነው የሞተብኝ» አሉ። «ከመኪና ረዳትነት አንሥቼ ሱቅ ያስገባሁት ነው። ለእኔ የተወረወረውን ተቀበለልኝ። ሚስቱን እስክሞት እጦራለሁ።»

«ማታ በየት በኩል ገቡ?»

«እንደ ወትሮው። በገበያው በኩል፣ የሱን ጋዋን ደርቤ።»

«ጋዋኑ የት አለ?»

በኩሽናው በር አሳዩዋት። ሰማያዊው ጋዋን እሳት ዳር ከተወጠረ ገመድ ላይ ተሰቅሏል። ገና እርጥብ ነው፤ ክረምት የታጠበ ልብስ መቼ ይደርቃል።

«ያ ፖሊስ ልጅ መርዶውን ነግሮኝ ሲሄድ መቀመጥም መቆምም አቃተኝ» አሉ አቶ ውቤ። «ቢያንስ ልብሱን ንጹሕ አድርጌ ለአስካል ልመልስላት ብዬ ተነሥቼ በገዛ እጄ አጠብኩት።»

«ከመርዶው በኋላ።»

«ታዲያ በፊትማ ምን ብዬ!»

ፈቲያ ራሷን ነቀነቀች። የአቶ ውቤ ባለቤት፣ እትዬ ሸዋአለም፣ ኩሽናው ውስጥ ዓይናቸው አብጦ ሥጋ ይከትፋሉ። ከአቶ ውቤ ይልቅ የሳቸው ሐዘን ከልብ ይመስላል።

«እትዬ ሸዋአለም፣ ግቢው በድንጋይ ሲደበደብ ሰምተዋል?»

«እኔ እንኳ አልሰማሁም። ውቤ ነው በጠዋቱ የሚነግረኝ። እንቅልፌ ከባድ ነው መሰል።» ቢላውን አስቀመጡ። «ያ ልጅ ነውር አዋቂ ነበር፣ እመቤቴ። ውቤን ገና ከሩቅ ሲያየው ካፖርቱን ሳያወልቅ ሰላም አይለውም። ዝናብ እየወረደበት! 'ኧረ በረንዳው ላይ ስትደርስ አውልቅ' ስለው 'የጌታዬን ልብስ ለብሼ ጌታዬ ፊት አልቆምም' ይለኛል።»

ከሰዓት በኋላ ፈቲያ የአስካልን ቤት አገኘች። ደጁ ላይ አንድ ሸራ ተወጥሯል፤ ከሥሩ ሁለት አሮጊቶች ብቻ ተቀምጠዋል። ሐዘንተኛው በሙሉ በግ የታረደበት ቤት ሄዷል። አስካል ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለብሳ፣ ወለሉ ላይ፣ ደረቅ ዓይኗን አፍጥጣለች።

«ሰው እዚህ ይገባና 'ለጌታው የሞተ ጀግና' ብሎኝ ይወጣል» አለች። «ፖሊሱ 'ጋሽ ውቤ መስሎት' አለኝ። ቄሱም እንዲሁ። ባልሽን ማን ጠላው ብሎ የጠየቀኝ አንድ ሰው የለም። ባሌ እኮ ሰው ነው! የሚጠላውም የሚወደውም ሰው ሊኖረው አይችልም?»

«እኔ ልጠይቅሽ መጥቻለሁ» አለች ፈቲያና አጠገቧ ወለሉ ላይ ተቀመጠች።

ያኔ ነው አስካል ያለቀሰችው። ስታበቃም ተናገረች። ሙሉቀን ረዳት ሆኖ በጭነት መኪናው ሲመላለስ ደስተኛ ሰው ነበር። ባለፈው ዓመት አንድ ቀን አቶ ውቤ ራሳቸው በነዱት መኪና ከቀይ አፈር በኩል ጠዋት ተመልሶ፣ ልብሱን ሳያወልቅ ተኝቶ፣ «ከእንግዲህ መኪና ላይ አልወጣም» አለ። አቶ ውቤ በዚያው ሳምንት ሱቅ አስገቡት። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ የለውም፤ ቤት ውስጥ ማር ሲያይ እንኳ ጥሎ ይወጣል።

«ምን አየህ ስለው 'ሆድ ይፍጀው' ይለኛል። በቅርቡ ግን 'ሆዴ አልቻለም፣ ልናገር ነው' አለኝ። 'ግን መጀመሪያ ለጋሽ ውቤ ነገርኩት። እንጀራውን በልቼ ከጀርባው አላወራም' አለ።»

«ለጋሽ ውቤ የነገረው መቼ ነው?»

አስካል አሰበች። «ካፖርቱ ከመጀመሩ በፊት። ሰንበት ቀን ነበር። በማግስቱ ነው ጋሽ ውቤ ድንጋይ ተወረወረብኝ ያለው።»

አመሻሹ ላይ ሰማዩ ጠቁሮ የአቶ ውቤ ሳሎን መብራት በጊዜ በራ። ነጋዴዎቹ ገና አልተበተኑም። ኮማንደሩም እንኳን አተረፈዎት ሊል መጥቶ የተሰጠውን ጥብስ ይበላል። ፈቲያ ስትገባ ከኋላዋ ጋሽ ሸዋንግዛው፣ አስካል፣ በመጨረሻም በካቴና የታሰረው ዕዝራ ገቡ። አንድ ነጋዴ ከተቀመጠበት ብድግ ብሎ «ነፍሰ ገዳይ እዚህ ምን ይሠራል?» አለ።

«እሱን ነው ልነግራችሁ የመጣሁት» አለች ፈቲያ። «ይቀመጡ።»

ጎሳዬ ክሬሙን ካፖርትና ባርኔጣ ይዟል። «ልበሰው» አለችው። ለበሰ። «ደጅ ወጥተህ ተመለስና ኮማንደሩን ሰላም በላቸው።»

ጎሳዬ ወጣ፣ ተመልሶ ገባ። ኮማንደሩን ሲያይ እጁ ራሱ ሄደ፤ ባርኔጣውን አውልቆ ብብቱ ስር ሸጎጠና ጎንበስ አለ። በሳሎኑ ያለ ሰው ሁሉ ምንም የተለየ ነገር አላየም፤ ሰው ታላቁን ሲያይ የሚያደርገው ነውና።

«አያችሁ?» አለች ፈቲያ። «ሙሉቀን ሲወድቅ ባርኔጣው ብብቱ ስር ነበር። ገዳዩን ከሩቅ አይቶታል፣ አክብሮታልም። አንድ የባጃጅ ሹፌር አይቶ ባርኔጣ የሚያወልቅ ሰው ጂንካ ውስጥ አላውቅም።»

«ይኸ ማስረጃ አይደለም» አለ ኮማንደሩ አፉን እየጠረገ።

«ከመጀመሪያው ልጀምር፣ ጌታዬ። ሁላችንም ያልነው ገዳዩ ሙሉቀንን አቶ ውቤ መስሎት ገደለው ነው። ጋሽ ሸዋንግዛው፣ ሬሳውን ሲያዩ ምን ብለው ጮኹ?»

ሽማግሌው አስተማሪ ራሳቸውን አቀረቀሩ። «ሊቀ መኳሱን ገደሉት።»

«በጨለማ፣ በዝናብ፣ ካፖርቱን ብቻ አይተው አወቁት። ዕዝራም ያውቅ ነበር። ሕፃኑ ሁሉ ያውቅ ነበር። ከተማው በሙሉ ሊቀ መኳስ እያለ የሚጠራውን ሰው ንጉሥ መስሎት የሚገድል ማን ነው? ቃሉ ጂንካ ውስጥ የተነሣ ዕለት ካፖርቱ ማታለሉን አቆመ። ስለዚህ በስህተት የሞተ የለም። ገዳዩ የፈለገው ሙሉቀንን ነው፤ ሙሉቀንንም ነው የገደለው።»

«ሁለተኛ። የካፖርቱ ቁልፎች ተፈተው፣ አንዱ እጅጌ ወልቆ ነበር። ማንም አልገፈፈውም፤ ራሱ ነው እያወለቀ የነበረው። ዝናብ እየወረደበት ካፖርት የሚያወልቅ ሰው ምን ዓይነት ሰው ነው? የሰው ካፖርት የለበሰና ባለቤቱን ያገኘ ሰው ነው። እትዬ ሸዋአለም ነግረውኛል፤ 'የጌታዬን ልብስ ለብሼ ጌታዬ ፊት አልቆምም' ይል ነበር።»

የሁሉም ዓይን ወደ አንድ ሰው ዞረ። አቶ ውቤ በቀስታ ሳቁ።

«ልጄ፣ ድካም ነው። እኔ በገበያው በኩል ነው የገባሁት።»

«ጋዋኑን መቼ አጠቡት?»

«ነገርኩሽ እኮ። ከመርዶው በኋላ።»

«ጎሳዬ፣ መርዶውን ልትነግር ስትገባ ዓይንህ ውስጥ የገባው ምን ነበር?»

ጎሳዬ ወደ አቶ ውቤ አየ፣ ከዚያ ወደ ኩሽናው በር። ፊቱ ተለወጠ። «ሳሙና» አለ። «የሳሙና ውሃ ነው። ከሰማያዊው ጋዋን።»

«የዝናብ ውሃ ዓይን አያቃጥልም» አለች ፈቲያ። «ኮንስታብሉ አፉን ሳይከፍት፣ ሙሉቀን መሞቱን ማንም በዚህ ቤት ሳይሰማ፣ የሙሉቀን ልብስ በሳሙና ታጥቦ ተሰቅሎ ነበር። ምን ነበረበት ውቤ? አንተ ነህ የምታውቀው።»

«አንተ» ስትለው ሳሎኑ ደነገጠ። ከክሱ ይልቅ ያ ቃል ነው ሰውየውን ያራቆተው።

እትዬ ሸዋአለም በኩሽናው በር ቆመው ነበር። «ከሃያ ዓመት በላይ አብሬህ ኖሬያለሁ» አሉ ቀስ ብለው። «መሐረብ አጥበህ አታውቅም። ማታ ስታጥብ ሳይህ ደግነት መሰለኝ።»

«ለምን ብዬ እገድለዋለሁ? ለምን?» አለ ውቤ። ድምፁ ከፍ ብሏል፤ የተመጠነው ንግግር ጠፍቷል።

«ጸሎት የምትባል ማር የተሸከመች ልጅ ስለነበረች» አለች ፈቲያ። «መኪናውን ያን ቀን የነዳኸው አንተ ነህ፤ ሙሉቀን አጠገብህ ተቀምጦ ነበር። ልናገር ነው አለህ፤ ከጀርባህ እንዳይሆን ብሎ። አንተ በማግስቱ ድንጋይ ተወረወረብኝ አልክ፤ ካፖርትህንም አለበስከው። ጠላት ለማታለል አልነበረም። ሲሞት ሰው ሁሉ 'ማን ውቤን ጠላው' ብሎ እንዲጠይቅ፣ 'ማን ሙሉቀንን ጠላው' ብሎ የሚጠይቅ እንዳይኖር ነው። ዕዝራም ዝቶብህ ስለነበር ወንጀለኛው ተዘጋጅቶልሃል። ትናንት ቀን ሙሉቀን 'ዛሬ ማታ እነግረዋለሁ' ብሎህ ይሆናል። ታማኝ ነበርና አይደብቅህም። የሱቁ በር የብረት መቀርቀሪያ የት አለ፣ ውቤ? ዛሬ በሩን የዘጋኸው በእንጨት ነው።»

ውቤ ተቀመጠ። እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ሲያየው ቆየና፣ ለማንም ሳይሆን ተናገረ።

«ለመንኩት። አሳደግኩህ እኮ አልኩት። ሞታለች፣ ብትናገር አትነሣም አልኩት። 'እርስዎም እንቅልፍ ያገኛሉ' አለኝ። ለእኔ አዘነልኝ!» ጥርሱን ነከሰ። «ሜዳው ላይ ሲያየኝ ልማዱ ነው፣ ማውለቅ ጀመረ። 'ጋሼ፣ በዝናብ ያለ ካፖርት ቆሙ እኮ፣ እንኩ ይልበሱት' አለኝ።»

እትዬ ሸዋአለም ምድጃው ላይ ያለውን ብረት ድስት አንሥተው ከነሥጋው ደጅ ደፉት። ኮማንደሩ የበላበትን እጁን በመሐረቡ ሁለት ጊዜ ጠረገ፣ ካቴናውን ራሱ ከዕዝራ እጅ ፈታና ለጎሳዬ ሰጠው። ጎሳዬም ውቤን አሰረው። የብረት መቀርቀሪያው በዚያው ምሽት ከጓሮው ሽንት ቤት ጉድጓድ ወጣ።

ሐሙስ ጠዋት ዝናቡ አቆመ። የሙሉቀን ሬሳ ከሆስፒታል ወጥቶ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲሄድ መንገዱ በአውሮፕላን ሜዳው ላይ ነው። አስካል ከፊት ነበረች። ከኋላዋ ትናንት «እንኳን አተረፈህ» ሲሉ የዋሉት ነጋዴዎች በሙሉ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ አንገታቸውን ደፍተው መጡ። ምን ብለው እንደሚያለቅሱ አላወቁም። «ለጌታው የሞተ» ማለት ከእንግዲህ አይቻልም። ሌላ ደግሞ ስለ ሰውየው የሚያውቁት ነገር የለም። ጋሽ ሸዋንግዛው «ሊቀ መኳስ» ሊሉ ጀመሩና ተዉት።

ሜዳው መሃል ሲደርሱ አስካል ቆመች። ከብቶቹ ከግጦሻቸው ቀና ብለው አዩ።

«ስሙን ጥሩት» አለች። «እባካችሁ። ስሙን ጥሩልኝ።»

ያን ጠዋት በግድያ ሊከሰስ የነበረው ዕዝራ ከዳር ቆሞ ነበር፤ የጸሎት ገዳይ ማን እንደሆነ ሌሊቱን ለእናቱ በስልክ ነግሯታል። ወደ አስከሬኑ ቀረብ አለና እንደ ወንድሙ፣ በሙሉ ድምፁ ጮኸ።

«ሙሉቀን! ወንድሜ ሙሉቀን!»

ያኔ ሌላውም ተከተለው። ፈቲያ ከኋላ ሆና ጫማዋ በጭቃው እየተያዘ ስትሄድ፣ ሜዳው ዳር ካሉት ቤቶች ሰዎች አንድ በአንድ በራቸውን ከፍተው ይወጡ ነበር።